«እሑድ ና» ብለውኝ ነበር

ቴዎድሮስ አደባባይ ታክሲ ስጠብቅ ዓይኔ ሴባስቶፖል ላይ ያርፋል። እዚህ የቆመው ቅጂው ነው። ዋናው መድፍ ጋፋት ላይ ተሠርቶ፣ በሰው ጉልበት ዳገት ቁልቁለቱን ተጎትቶ፣ እስከ ዛሬ መቅደላ ላይ አለ። ሚያዝያ 6 ቀን 1860 ዓ.ም. አፄ ቴዎድሮስ ራሳቸውን ከሠዉ በኋላ የእንግሊዝ ጦር ከአምባው የዘረፈውን ብራና፣ ታቦትና ጽዋ ለመጫን 15 ዝሆንና 200 ያህል በቅሎ አስፈልጎታል። ይህን ባሰብኩ ቁጥር ደሜ ይፈላ ነበር። አሁን አሁን ግን እዚያ ስቆም አንጀቴን የሚበላኝ ሌላ ነገር ነው። እኔን ማንም አልዘረፈኝም። በር ተከፍቶልኝ፣ ማዕድ ቀርቦልኝ፣ «ና» ተብዬ ቀረሁ።

ጥር 2008 ዓ.ም. ነው። የአጎቴ ልጅ ከነሁለት ልጆቿ ከአሜሪካ መጥታ «የድሮውን አዲስ አበባ አሳየን» አለችኝ። እኔ የማውቀው ፒያሳ የወርቅ ቤቱን፣ የኬክ ቤቱንና የሲኒማ ቤቱን ነው። ፀጉሬን የሚቆርጠኝ ሰውዬ «ከሙሴ ጋር ላገናኝህ፤ እሳቸው የሚያውቁትን ማንም አያውቅም» አለኝ። ሙሴ ከሰማንያ ዓመት በላይ የሆናቸው፣ አራዳ ተወልደው አራዳ ያረጁ አርመን ናቸው። በወርቅ ሠሪነት ኖረው እጃቸው መንቀጥቀጥ ሲጀምር ሥራውን ትተዋል። የሰፈሩ ሰው በስማቸው ሲጠራቸው ሰምቼ አላውቅም፤ ለሁሉም «ሙሴ» ናቸው።

ከጠዋቱ ሦስት ሰዓት ከሴባስቶፖል ሥር ቀድመውን ቆመው አገኘናቸው። ግራጫ ኮት ለብሰዋል፤ ጫማቸው ተወልውሏል፤ ለልጆቹ ከረሜላ በኪሳቸው ይዘዋል። እኔ ደግሞ ሰባት ሰዓት ላይ ቦሌ የምሳ ቀጠሮ ይዣለሁ። ያን ዕለት ያበላሸው ያ ቀጠሮ ነው። ከማን ጋር እንደነበር ዛሬ ሳስበው ትዝ እንኳ አይለኝም።

የቸርችልን ዳገት ወደ ማዘጋጃ ቤት ስንወጣ ሙሴ በየአሥር እርምጃው ይቆማሉ። በዕድሜያቸው የተነሣ ዳገቱ እየከበዳቸው መስሎኝ ነበር፤ ለካ የሚቆሙት የሚነግሩን ስላላቸው ነው። ገበያው ድሮ ጊዮርጊስ አጠገብ እንደነበር፣ ጣሊያን ሲገባ ወደ ዛሬው መርካቶ እንዳዛወረው፣ ፒያሳ የሚለው ስምም ከዚያው ዘመን እንደቀረ ነገሩን። አንድ ቦታ ላይ በከዘራቸው አስፋልቱን መታ መታ አደረጉና «እዚህ መንገድ ላይ የሰርኪስ ባቡር ሄዷል» አሉ። ሰርኪስ ተርዚያን የምኒልክ ዘመን አርመናዊ ነጋዴ ነው፤ በእንፋሎት የሚሄድ ከባድ መኪና አዲስ አበባ ድረስ አምጥቶ ሕዝቡ «የሰርኪስ ባቡር» ብሎ ሰየመው። ትንሹ ልጅ ዓይኑ ፈጠጠ። «ከዚያስ? ማን ነዳው? ሰው አልፈራም?» እያለ ኮታቸውን ይዞ ይጎትታል። ሙሴ ጎንበስ ብለው ሊመልሱለት አፋቸውን ሲከፍቱ እኔ ሰዓቴን አየሁና «ሙሴ፣ ይቅርታ፤ ሰዓት እየሄደብን ነው» አልኳቸው። ቀና አሉና «እሺ ልጄ» ብለው መንገዳቸውን ቀጠሉ። ያ ልጅ ለጠየቀው ጥያቄ ዛሬ ማንን ጠይቄ ልመልስለት?

ከራስ መኮንን ድልድይ ከፍ ብሎ ወዳለው ሰፈራቸው ስንደርስ ድምፃቸው ራሱ ተለወጠ። የአርባዎቹን ልጆች ታሪክ የነገሩን እዚያ ነው። በ1916 ዓ.ም. ራስ ተፈሪ ወደ አውሮፓ ሲጓዙ ኢየሩሳሌም ላይ ከቱርክ ጭፍጨፋ የተረፉ አርመናውያን ወላጅ አልባ ልጆች የነሐስ ሙዚቃ ሲጫወቱ አዩ። ከገዳሙ አስፈቅደውም 40ውን ወደ አዲስ አበባ አስመጧቸው። መሪያቸው ኬቮርክ ናልባንዲያን በንጉሡ ዘውድ በዓል በ1923 ዓ.ም. የተሰማውን፣ እስከ አብዮቱም የዘለቀውን የብሔራዊ መዝሙር ዜማ የደረሰ ሰው ነው። የወንድሙ ልጅ ነርሲስ ደግሞ በብሔራዊ ቴአትር ዘመናዊውን የሙዚቃ ጓድ ካቀኑት አንዱ ሆነ። አባቴ በወጣትነቱ የሰማው ሙዚቃ ሁሉ ውስጥ የእነዚህ ሰዎች እጅ አለበት። የሙሴ አባት ከአርባዎቹ አንዱ አልነበሩም፤ ግን ከብዙዎቹ ጋር አንድ ጠረጴዛ ላይ በልተዋል። ምን እያወሩ፣ ምን እያዜሙ እንደሚበሉ ሙሴ በልጅነታቸው ሰምተዋል። አልጠየቅኋቸውም።

ቤተ ክርስቲያናቸው የቅዱስ ጊዮርጊስ ነው፤ እንደ አራዳው ጊዮርጊስ። በሩ አጠገብ ጣታቸውን ድንጋይ ላይ በተቀረጸው ጽሑፍ ላይ አስኬዱና ለትልቋ ልጅ «እስቲ ከእናንተ ፊደል ጋር የሚመሳሰል ፈልጊ» አሏት። ሦስት አገኘችና ጮኸች። የእኛም የእነሱም ቤተ ክርስቲያን የኬልቄዶንን ጉባኤ ያልተቀበሉ እኅትማማቾች ናቸው። ገናን በማክበር በአንድ ቀን ይቀድሙናል። «በልጅነታችን ሁለት ቀን ተከታትሎ ገና ነበር፤ አንዱ ቤት፣ አንዱ ጎረቤት» አሉ ሙሴ። በ1950ዎቹ ገደማ አዲስ አበባ ውስጥ 1,200 ያህል አርመኖች ይኖሩ ነበር። እኛ በሄድንበት ጊዜ 100 አይሞሉም።

ከዚያ ወደ ቤታቸው ገባን።

ማዕዱን ዛሬም ዓይኔ ላይ አየዋለሁ። በወይን ቅጠል የተጠቀለለ ሩዝና ሥጋ እንደ ጣት ተደርድሯል። ለስላሳ ዳቦ በነጭ ጨርቅ ተሸፍኗል። መሐሉ ላይ የእንጨት ጣውላ፤ ጣውላው ላይ ጥቁር ቀይ፣ እንደ ጡብ የጠጠረ ሥጋ። «ይህ ባስቱርማ ነው» አሉ። በሚንቀጠቀጠው እጃቸው ቢላዋ ሲያነሱ ልርዳዎት ልላቸው ፈልጌ ነበር። ቢላዋው ሥጋውን ሲነካ ግን መንቀጥቀጡ ቆመ። ስልሳ ዓመት ወርቅ የከረከመ እጅ ነው። አንድ ቅጠል ሥጋ ቆርጠው ወደ መስኮቱ አነሱት፤ ብርሃኑ እንደ ቀይ መስታወት አልፎበት ታየ። «ካላሳለፈ ወፍራም ነው፤ አይበላም» አሉና ለልጁ ሰጡት።

አፌ ላይ ሳደርገው ደነገጥኩ። አብሽ ነው! እናቴ እጅ ላይ የማውቀው አብሽ፣ ነጭ ሽንኩርት፣ ከሥሩ ደግሞ በርበሬ። «አባቴ በአገሩ በርበሬ ነበር የሚሠራው፤ እዚህ ሲመጣ የመርካቶን በርበሬ አገኘና የአገሩን ረሳ» ብለው ሳቁ። ሥጋው በጨው ይታሻል፤ ይታጠባል፤ ድንጋይ ተጭኖበት ውሃው ይጨመቃል፤ ይሰቀላል፤ ከዚያ በአብሽ ሊጥ ይለቀለቅና እንደገና ይሰቀላል። ቋንጣ የሚመስል ግን ቋንጣ ያልሆነ፣ ከቱርክ ምድር ተሰዶ አራዳ ላይ በመርካቶ በርበሬ ያገገመ ምግብ ነው። አዲስ አበባ ተወልጄ፣ ከዚያ ቤት በእግር ሃያ ደቂቃ ርቀት ላይ አርባ ዓመት ኖሬ መኖሩን አላውቅም ነበር።

እኔም ያን ማዕድ ሁለት ሦስት ጊዜ ጎርሼ ተነሣሁ። «ሙሴ፣ በጣም እናመሰግናለን፤ ቀጠሮ ስላለን ነው፤ ሌላ ጊዜ እንመጣለን» አልኩ። የአጎቴ ልጅ በዓይኗ ትለምነኝ ነበር። ልጆቹ መነሣት አልፈለጉም። ሙሴ አልተቆጡም። የተረፈውን ባስቱርማ በወረቀት ጠቅልለው እጄ ላይ አስቀመጡና «ልጄ፣ በሚመጣው ሳምንት አዲስ ሥጋ እጥላለሁ። እሑድ ና። ሊጡን እንዴት እንደምመታ ላሳይህ። የሚማርልኝ ሰው የለም፤ ልጆቼ ሎስ አንጀለስ ናቸው» አሉኝ። በሩ ላይ ቆሜ ስልካቸውን መዘገብኩ። «እመጣለሁ» አልኩ። ስናገር ውሸት አልነበረም።

የመጀመሪያው እሑድ ለቅሶ ነበረብኝ። ሁለተኛው እሑድ ደከመኝ። ሦስተኛው ላይ አፈርኩና «ምን ብዬ እደውላለሁ?» አልኩ። አፍረው ያልደወሉለት ሰው ጋ መደወል በየሳምንቱ እየከበደ ይሄዳል። ዓመቱ ሞላ፤ ሌላው ተከተለ። በፒያሳ ባለፍኩ ቁጥር «ዛሬ እንኳ ጎራ ብል» እላለሁ፤ ታክሲው ያልፋል፤ እኔም አልፋለሁ። ኮሮና ሲመጣ «ሽማግሌ ሰው ቤት አይኬድም» የሚል ምክንያት አገኘሁ። በ2013 ዓ.ም. ፀጉሬን ልቆረጥ ቁጭ ባልኩበት ሰውዬው «ሙሴ እኮ አረፉ፤ አርባቸው ወጥቷል» አለኝ። መቀሱ ጆሮዬ አጠገብ ሲንቋቋ ይሰማኛል፤ ምንም መልስ አልወጣኝም። ቀብራቸው ላይ እንኳ አልነበርኩም።

በ2016 ዓ.ም. ፒያሳ መፍረስ ሲጀምር፣ ዶሮ ማነቂያ በጥቂት ሳምንት ውስጥ ሜዳ ሲሆን፣ ስልኬን ይዤ እየሮጥኩ ሄድኩ። ሰው ሁሉ ፎቶ ያነሣ ነበር። ያን ጊዜ ከተማው ሙሉ ፒያሳን የወደደ ይመስል ነበር፤ እኔም ከወዳጆቹ አንዱ ሆኜ ተሰለፍኩ። የሙሴ ቤት የቆመበት ቦታ ስደርስ ያ የእንጨት በረንዳ የለም። መስኮቱ የለም። ያ ቀይ ብርሃን የገባበት ግድግዳ የቱ ጋ እንደነበር መለየት እንኳ አቃተኝ። ቤቱስ ይፍረስ፤ እንኳን የጭቃ ቤት ቤተ መንግሥትም ይፈርሳል። ቤቱ ቆሞ፣ ባለቤቱ ውስጡ ተቀምጠው ሲጠብቁኝ ነበረ አምስት ዓመት ሙሉ! አምስት ዓመት ስንት እሑድ አለው?

ባለፈው ዓመት የአጎቴ ልጅ ቪዲዮ ላከችልኝ። ከልጆቿ ጋር ሜክሲኮ፣ ዩካታን ሄደው የማያ ሰዎች መንደር ለግማሽ ቀን በአስጎብኚ ዞረዋል። የማያ እናቶች የበቆሎውን ቂጣ በመዳፋቸው ጠፍ ጠፍ እያደረጉ ሲጋግሩ ይታያል። ከመሬት የተቆፈረውን ምድጃ «ፒብ» ይሉታል፤ በቀይ የአቺዮቴ ቅመምና በመራራ ብርቱካን የታሸውን ሥጋ በሙዝ ቅጠል ጠቅልለው ቀብረውበት አድረው ያወጡታል። ጉራጌ አገር በኮባ ተጠቅልሎ የሚጋገረውን ቆጮ ላየ ሰው እንግዳ አይሆንበትም። ያ ትንሽ ልጅ አሁን ጎረምሳ ሆኗል፤ እጁን ሊጥ ውስጥ ከትቶ ይስቃል፤ ማንም ሰዓት አላየበትም። ከቪዲዮው ሥር የአጎቴ ልጅ እንዲህ ጽፋለች፦ «ልጆቹ ያንን አርመን ሽማግሌ አነሡ። ያኔ እሑድ ሄደህ ተማርክ ወይ?»

ሁለት ቀን መልስ አልሰጠኋትም። እነሱ ውቅያኖስ አቋርጠው፣ ገንዘብ ከፍለው፣ ለማያውቁት ሕዝብ ማዕድ ግማሽ ቀን ሰጡ። እኔ በነፃ፣ በገዛ አገሬ፣ በገዛ ቋንቋዬ «ልጄ» ብሎ ለጠራኝ ሰው አርባ ደቂቃ ነፈግሁ።

በሦስተኛው ቀን መርካቶ ወርጄ አብሽ ገዛሁ። ከልኳንዳ ጥሩ ሻኛ የሌለበት ሥጋ አስመረጥኩ። ጨው አሸሁት፤ አጠብኩት፤ ከግቢ ድንጋይ አምጥቼ ጫንኩበት። ከዚያ ቆምኩ። ስንት ቀን ነው የሚጫነው? በጥላ ነው በፀሐይ የሚሰቀለው? አብሹ ሲመታ ውሃው ስንት ጊዜ ይለወጣል? እናቴን ጠየቅኋት፤ የአብሹን እንጂ የሥጋውን አታውቅም። በአምስተኛው ቀን ድንጋዩን ሳነሣው ሸተተኝ። አውጥቼ ቀበርኩት።

እጄን ታጥቤ ስልኬን አነሣሁ። ቁጥራቸውን አልሰረዝኩትም። ያን ዕለት በራቸው ላይ ቆሜ ስመዘግበው እንዳልረሳው ብዬ ስማቸውን የጻፍኩት «ሙሴ እሑድ» ብዬ ነው።