ለአዘቦት ወይስ ለበዓል?

መኪና መግዛት በእኛ አገር የአንድ ሰው ጉዳይ ሆኖ አያውቅም። ባልና ሚስት ይቆጥባሉ፣ ውጭ ያለ ወንድም ይጨምራል፣ አያት ከባሕር ዛፍ ሽያጭ ታዋጣለች። ያዋጣ ሁሉ ደግሞ ሐሳብ አለው። በእኛም ቤት ባለፉት ወራት ሌላ ወሬ አልነበረም። ልጄና ምራቴ የሚኖሩት አዲስ አበባ ነው፤ የአምስት ዓመት ወንድና የስምንት ወር ሴት ልጅ አሏቸው። እኔ ያለሁት ፍኖተ ሰላም፣ የትውልድ ቀዬዬ ደግሞ ሰከላ፣ ግሽ ዓባይ ነው። ብዙ ከተመረጠና ከተጣለ በኋላ ሁለት መኪኖች ቀሩ፤ በሰው እጅ ያለች የቤንዚን ሱዙኪ ቪታራ ወይም አዲስ የኤሌክትሪክ ቢዋይዲ ዩዋን ፕላስ።

አሮጌና አዲስ እንዴት ለውድድር እንደቀረቡ ግር የሚለው አንባቢ ይኖራል። ገንዘብ ሚኒስቴር በ2014 ዓ.ም. የኤሌክትሪክ መኪኖችን ከተጨማሪ እሴት ታክስ፣ ከኤክሳይስና ከሱር ታክስ ነፃ አደረገ። በጥር 2016 ዓ.ም. ደግሞ የትራንስፖርትና ሎጂስቲክስ ሚኒስቴር ኤሌክትሪክ ያልሆነ አውቶሞቢል ወደ አገር እንደማይገባ አስታወቀ። ስለዚህ ቤንዚን የፈለገ ሰው ቀድሞ የገባውን ከሌላ ሰው ይገዛል፤ አዲስ የፈለገ ኤሌክትሪክ ይገዛል። ለልጄ የተነገረው የሁለቱ ዋጋ ተቀራራቢ ነበር። ክርክሩም የከረረው ለዚህ ነው፤ ዋጋ የሚለያቸው ቢሆን ኖሮ ኪሳችን ይፈርድልን ነበር።

መጀመሪያ ስለ ቁመናቸው። ሁለቱም ከፍ ብለው ስለሚታዩ «ለገጠርም ይሆናሉ» የሚል ሰው ብዙ ነው። ፋብሪካዎቹ ያወጡትን ቁጥር ስናይ ግን ቪታራ ከመሬት 18.5 ሳንቲ ሜትር፣ ዩዋን ፕላስ 17.5 ሳንቲ ሜትር ያህል ነው የሚነሱት። ልዩነቱ የአንድ ጣት ውፍረት ነው። ቪታራ በአራቱም ጎማ የምትጎትት ዓይነት አላት፤ ልጄ ያያት ግን በፊት ጎማ ብቻ የምትሄደዋን ነው። ሁለቱም የአዲስ አበባን ጉብታና ጉድጓድ ይሻገራሉ። በክረምት ከቲሊሊ ታጥፎ ወደ ግሽ ዓባይ የሚወስደውን መንገድ ለመውጣት ግን አንዳቸውም አልተሠሩም። ከፍ ብለው የተሠሩ የከተማ መኪኖች ናቸው፤ ይህን አምኖ መነሳት ብዙ ጭቅጭቅ ያስቀራል።

ቀጥሎ የአዘቦቱ ሒሳብ ነው። ልጄ ልጁን ትምህርት ቤት አድርሶ፣ ምራቴን ሥራ ቦታዋ ጥሎ፣ እሱም ሥራ ገብቶ እስኪመለስ በቀን 40 ኪሎ ሜትር ያህል ይነዳል። በወር ወደ 1,000 ኪሎ ሜትር ማለት ነው። በአዲስ አበባ መጨናነቅ ውስጥ ቪታራ በ100 ኪሎ ሜትር 9 ሊትር ትጠጣለች ብንል በወር 90 ሊትር ይሆናል። ቤንዚን በሊትር ከ100 ብር ካለፈ ቆይቷልና ከ9,000 ብር በላይ ነው። ዩዋን ፕላስ ደግሞ ቻርጅ ሲደረግ የሚባክነውን ጨምረን በ100 ኪሎ ሜትር 20 ኪሎዋት ሰዓት ብናስብለት በወር 200 ይሆናል። የመብራት ታሪፍ ከመስከረም 2017 ዓ.ም. ጀምሮ ደረጃ በደረጃ እየጨመረ ስለሆነ አስፍቼ አንዱን በ10 ብር ባስበው እንኳ 2,000 ብር ነው። ልዩነቱ በወር 7,000 ብር ገደማ፣ በዓመት ከ80,000 ብር በላይ ነው። የወሩ ልዩነት ብቻ ከእኔ የጡረታ አበል ይበልጣል። በዚህ ላይ የዘይትና የፊልትሮ ወጪ፣ ማደያ ተሰልፎ የሚባክነው ሰዓት አለ።

የበዓሉ ሒሳብ ግን ሌላ ነው። ከአዲስ አበባ ፍኖተ ሰላም 380 ኪሎ ሜትር ያህል ነው። የቪታራ ታንከር 47 ሊትር ይይዛል፤ በአገር አቋራጭ መንገድ በ100 ኪሎ ሜትር 7 ሊትር ብትወስድ ከ600 ኪሎ ሜትር በላይ ትሄዳለች። አንድ ጊዜ ሞልቶ የወጣ ሰው እኔ ቤት ቡና ጠጥቶ የመመለሻውንም ግማሽ ይዟል። የዩዋን ፕላስ ትልቁ ባትሪ 60.5 ኪሎዋት ሰዓት ያህል ነው። በቻይና መለኪያ 510፣ በአውሮፓ መለኪያ 420 ኪሎ ሜትር ይሄዳል ይባላል። የቻይናው መለኪያ ለጋስ ነው፤ የአውሮፓውም ቢሆን የዓባይን በረሃ አያውቅም።

ፊዚክስ የሚያስተምር የእህቴ ልጅ በብዕር አስልቶ ያሳየን ነገር አለ። ሰውና ሻንጣ የጫነ ሁለት ቶን መኪና ከዓባይ ድልድይ እስከ ደጀን ድረስ ከ1,300 ሜትር በላይ ሽቅብ ይወጣል። ያን ክብደት ወደ ላይ ለማንሳት ብቻ ከ7 ኪሎዋት ሰዓት በላይ ያስፈልጋል፤ ከባትሪው ከአንድ አሥረኛ በላይ ማለት ነው። ከጎሐ ጽዮን ቁልቁል ሲወርድ ሞተሩ እንደ ጄኔሬተር ሆኖ ባትሪውን መልሶ ይሞላል፤ ፍሬኑም ያርፋል። ይህ ለኤሌክትሪክ መኪና ትልቅ ምስጋና ነው። ሆኖም ቁልቁለቱ የሚመልሰው ዳገቱ የሚወስደውን አያህልም። ደብረ ማርቆስ፣ 300ኛው ኪሎ ሜትር ግድም ሲደርሱ ቻርጅ ማድረግ ግድ ይላል። ከዘመድ ቤት ሶኬት የሚሞላ ሰው በሰዓት 2 ኪሎዋት ሰዓት ያህል ያገኛል፤ የስምንት ሰዓት እንቅልፍ ለቀሪው 80 ኪሎ ሜትር ይበቃል። መብራት ካልጠፋ! ባለፉት ዓመታት ደግሞ በእኛ በኩል መንገድ ሲዘጋና ሲከፈት ኖሯል፤ የስምንት ወር ሕፃን ይዞ «የት እናድር?» ማለት ቀላል አይደለም። እውነቱን ለመናገር ቤንዚንም ቢሆን በእኛ አካባቢ ማደያው ደርቆ በጀሪካን የሚሸጥበት ጊዜ አለ።

እዚህ ላይ የራሴን ፍላጎት መሸሸግ ተገቢ አይደለም። እኔን የምትጠቅመኝ ቪታራ ናት። እሷ ከተገዛች ለፋሲካ ይመጣሉ፤ በጥር ደግሞ ለአቡነ ዘርዓ ብሩክ በዓል አብረን ግሽ ዓባይ እንወርዳለን። የልጅ ልጄ ሕዳሴ ግድብ ጳጉሜን 4 ቀን 2017 ዓ.ም. ሲመረቅ በቴሌቪዥን አይቷል፤ ውኃው ሲወርድ አፉን ከፍቶ ነበር የሚያየው አሉ። አያቱ በልጅነቷ ጠበል የቀዳችበትን ምንጭ ግን አላየም። ያ ሁሉ ውኃ ሲነሳ አንድ ልጅ ተራምዶ የሚሻገረው ጅረት እንደሆነ በስልክ ብነግረው «አያቴ ትዋሻለች» አለ። ይህን ልጅ እጁን ይዤ ምንጩ ዳር ላቆመው እፈልጋለሁ። ዕድሜዬም እየሄደ ነው። ልጄ ይህን ስለሚያውቅ፣ «እማዬ፣ አንቺ ቪታራን ካልሽ እሷን እንገዛለን» አለኝ። ምራቴ ምንም አልተናገረችም፤ በየቀኑ የምትሳፈረው ግን እሷ ናት።

ያን ሌሊት ቁጭ ብዬ ቀን ቆጠርኩ። ቢበዛ በዓመት ሁለት ጊዜ ይመጣሉ። መምጫና መመለሻው አራት ቀን ነው። መኪናዋ 361 ቀን አዲስ አበባ ውስጥ ናት፤ የነዳጁ ወጪም፣ ሰልፉም፣ ትምህርት ቤት በር ላይ ሞተር ሳይጠፋ የሚጠበቅበት ጭስም የእነዚያ ቀናት ነው። ለአራት ቀን ተብሎ የሚገዛ ነገር የበዓል ልብስ ነው፤ የበዓል ልብስ ደግሞ ለሥራ አይሆንም። ኤሌክትሪኳ በዓመት ከምታተርፈው ከ80,000 ብር በላይ ገንዘብ ከፊሉ ቢቀመጥ በአውቶቡስ ወይም እስከ ባሕር ዳር በአውሮፕላን መምጣት ይቻላል። ከፍኖተ ሰላም ወደ ግሽ ዓባይ ደግሞ መንገዱን የሚያውቅ ሾፌር ያለበት ጠንካራ መኪና በኮንትራት እንይዛለን። መቼም ሁለቱም መኪኖች ያን ጭቃ እንደማይወጡ ተማምነናል።

ስለዚህ «ዩዋን ፕላስን ግዙ» አልኳቸው። ግን ዝም ብዬ አይደለም፤ ሁለት ነገር አስቀድሜ ጠየቅሁ።

አንደኛው የማደሪያዋ ነገር ነው። «ዓባይ ማደሪያ የለው፣ ግንድ ይዞ ይዞራል» ይላል አገሬው። ቤቷ ቻርጅ የማታደርግ የኤሌክትሪክ መኪናም እንዲሁ ናት፤ ባለቤቷን ይዛ ትዞራለች። ልጄ የሚኖርበት ግቢ የራሱ ቆጣሪ አለው፤ መስመሩንና የምድር ሽቦውን ባለሙያ እንዲያይ አድርጓል። ኮንዶሚኒየም አራተኛ ፎቅ ላይ የሚኖር ወይም አከራዩ ያልፈቀደለት ሰው ቢሆን ኖሮ ምክሬ ይገለበጥ ነበር። ፍኖተ ሰላም ወይም ቡሬ ሆኖ በየሳምንቱ ወረዳ ለወረዳ የሚዞር ሰው ቢጠይቀኝም ዛሬ ቤንዚኑን ነው የምለው። በተረፈ ልጄ ሻጩን እንዲጠይቅ የጻፍኩለት ይህ ነው፦ መሰኪያዋ የቻይናው ጂቢ/ቲ ነው ወይስ ሌላ? ስክሪኗ በምን ቋንቋ ነው? የባትሪው ዋስትና በነጋዴ በኩል ለገባች መኪና አዲስ አበባ ላይ ይሠራል? በጽሑፍ ይሰጣል? ቪታራን ለሚመርጥ ሰው ደግሞ ሊብሬዋን፣ ቦሎዋን፣ ካምቢዮዋን አስመርምሮ፣ ከዚህ በፊት ተጋጭታ ኤርባጓ ፈንድቶ ባዶ ክዳን ተገጥሞበት እንዳይሆን ማረጋገጥ ነው።

ሁለተኛው ከሁሉ የሚበልጥብኝ ነው። በጤና ሙያ የኖረ ሰው መኪና ሲያይ መጀመሪያ የሚያየው የኋላውን ወንበር ነው። ዩሮ ኤንካፕ የተባለው የአውሮፓ ፈታሽ ድርጅት ለቪታራ እ.ኤ.አ. በ2015፣ አቶ 3 በሚለው ስሙ ለሚሸጠው ዩዋን ፕላስ ደግሞ በ2022 አምስት አምስት ኮከብ ሰጥቷል። ኮከቡ የተሰጠው አውሮፓ ውስጥ ለሚሸጡት ስለሆነ የምትገዟት መኪና ስንት ኤርባግ እንዳላት ራሳችሁ ቁጠሩ። ያም ሆኖ ኮከብ የሚሠራው ለታሰረ ሰው ነው። የዓለም ጤና ድርጅት እንደሚለው የደህንነት ቀበቶ በመኪና ውስጥ ላለ ሰው የሞትን አደጋ እስከ ግማሽ ይቀንሳል፤ የሕፃን መቀመጫ ደግሞ የጨቅላዎችን ሞት በ71 በመቶ ይቀንሳል።

በእኛ ዘንድ ግን ሕፃን የሚሳፈረው እናቱ ወይም አያቱ ጭን ላይ ነው፤ ብዙ ጊዜም ፊት ወንበር ላይ። እቅፍ የሚያስተማምን ይመስላል። በሰዓት 50 ኪሎ ሜትር ስትሄድ የተጋጨች መኪና ውስጥ ግን የስምንት ኪሎ ሕፃን ከ200 ኪሎ በላይ የሚመዝን ያህል ሆኖ ከእቅፍ ይወጣል። ያን የሚይዝ ክንድ የለም፤ የእናትም ክንድ ቢሆን። ኤርባግም ለአዋቂ ደረት የተሠራ ነው፤ ሲፈነዳ ጭን ላይ ያለውን ሕፃን ይመታል። ስለዚህ ሕፃኗ ፊቷን ወደ ኋላ አዙራ በራሷ መቀመጫ የኋላ ወንበር ላይ፣ የአምስት ዓመቱም ቀበቶው አንገቱን እንዳይቆርጠው በከፍ ማድረጊያ መቀመጫ ላይ ይሁን። ሁለቱም መኪኖች አይሶፊክስ የሚባለው የመቀመጫ ማሰሪያ ብረት ከኋላ ወንበር ሥር አላቸው፤ እጃችሁን ሰዳችሁ ዳስሱት። በሚሊዮኖች ብር መኪና የሚገዛ ሰው ለሕፃን መቀመጫ «ሲተርፈን» ማለት የለበትም።

ምራቴ፣ «እርስዎ ሲመጡ እቅፍ አድርገው ሊይዟት አይደለም እንዴ?» ብላ ሳቀች። ቤት ውስጥ እስኪሰለቻት እይዛታለሁ፤ መኪና ውስጥ ግን እኔም ታስሬ፣ እሷም ታስራ አጠገቧ እቀመጣለሁ።

የባሕር ዛፉን ገንዘብ ልኬያለሁ። ስልክም «መኪናው ውስጥ አትጨምሩት» ብዬ ነው። መጀመሪያ ሁለቱ የልጆች መቀመጫዎች ይገዙበታል። ቀሪው ለጥር ይቀመጣል፤ ለአውቶቡስ ትኬትና ከፍኖተ ሰላም ግሽ ዓባይ ለሚወስደን የኮንትራት መኪና።