የአባቴ ሠ

አባቴ ካረፈ በኋላ እህቴ ከአዲስ አበባ አንድ ፋይል በኢሜይል ላከችልኝ። አባታችን የሕይወት ታሪኩን በእጁ ጽፎ በ1989 ዓ.ም. ፒያሳ አንድ የኮምፒውተር ጽሕፈት ቤት አስተይቦት ነበር። ረቂቁ ቤት ስንቀይር ጠፋ፤ የቀረው ይኸው ፋይል ነው። ጀርመን ካለችው ክፍሌ ሆኜ ስከፍተው አንድም የግዕዝ ፊደል የለበትም። ነጥብና ጭረት የተጫነባቸው የላቲን ፊደሎች ገጽ ለገጽ ተደርድረዋል። «ተበላሽቷል እንዴ?» አለችኝ በስልክ።

አልተበላሸም። ኮምፒውተር የሚያስቀምጠው ፊደል ሳይሆን ቁጥር ነው። የእኛ ፊደል በዩኒኮድ ውስጥ የራሱን ቁጥሮች ያገኘው በ1999 እ.ኤ.አ.፣ በ3.0 እትም ነው። ከዚያ በፊት የአማርኛ ሶፍትዌር ሠሪዎች ለላቲን በተመደቡ ቁጥሮች ላይ የግዕዝን መልክ ይስሉ ነበር፤ በሰው ቤት ተከራይቶ እንደመኖር። ሁሉም በየራሱ አሰላለፍ ስለሠራ በአንዱ «ለ» የሆነው ቁጥር በሌላው «ጨ» ሊሆን ይችላል። ፎንቱ ሲጠፋ የሚቀረው አከራዩ ነው።

የአባቴ ፋይል በየትኛው ሶፍትዌር እንደተጻፈ የሚያስታውስ አላገኘሁም። ስለዚህ የመመረቂያ ጽሑፌን ወደ ጎን ትቼ ሠንጠረዥ ማዘጋጀት ጀመርኩ። መጀመሪያ ያገኘሁት አራት ነጥብን ነው፤ ከዚያ «ነው»ን፣ «ነበር»ን፣ ቀጥሎ የተወለደበትን ቀበሌ ስም። በሦስተኛው ሳምንት አባቴ መናገር ጀመረ። (አማካሪዬ ይህን ሁሉ ጊዜ ቤተ መጻሕፍት ያለሁ ይመስላቸው ነበር።)

ችግሩ የመጣው ከዚያ በኋላ ነው። ለማሽን «ሰ» 1230፣ «ሠ» 1220 ነው፤ ከ«ሰ»ና ከ«መ» የበለጠ ዝምድና የላቸውም። «ፀሐይ» ብለህ ብትፈልግ «ጸሀይ»ን አያመጣልህም። ለጥናቴ ልብ ወለዶችን በኮምፒውተር ስፈትሽ ሞክሼዎቹን ሁሉ ወደ አንድ እጠቀልላቸዋለሁ፤ አላፍርበትም፣ ሌላ መንገድ የለኝም። አንድ ወዳጄም የአባቴን ጽሑፍ እንደዚያው እንዳደርገው መከረኝ።

አባቴ ግን የአማርኛ መምህር ነበር። ከውጭ የምልክለትን ደብዳቤ በቀይ እስክሪብቶ አርሞ ይመልስልኝ ነበር። «ንጉሥ በንጉሡ ሠ ነው፣ ልጄ» ይለኛል ከኅዳጉ ላይ። በፋይሉ ውስጥ ግን አንዱ ገጽ ላይ «ንጉሥ»፣ ሌላው ላይ «ንጉስ» አለ። የእሱ እጅ ነው ወይስ የታይፒስቷ? ምናልባት ደክሟት ይሆናል፤ ምናልባት ሠ ያለበት ቁልፍ ሩቅ ነበር። ምናልባትም አባቴ ራሱ፣ ብቻውን ሲጽፍ፣ እንደኔ ይዘናጋ ነበር። ይህን ማሰብ ለምን እንደሚያስደስተኝ አላውቅም።

የአያቴን ሞት በሚተርክበት ገጽ ላይ «ሀዘን»፣ «ሐዘን»፣ «ኀዘን» በአንድ አንቀጽ ውስጥ ሦስቱም አሉ። እህቴ ለልጆቿ ልታትመው ስለሆነ በአንዱ አስተካክዬ እንድልክላት ትፈልጋለች። «አባባ እንዲህ አይጽፍም» ትላለች። ሁለት ጊዜ ደውላለች፤ ፋይሉን ገና አልላክሁላትም።