ወንዙን ሲሻገሩ ወንጀል የሚሆን ርችት



ሰው ወደማያውቀው አገር ሲሄድ አስቀድሞ የሚጠይቀው ስለ መስጊዱ፣ ስለ ሐላል ሥጋው፣ ስለ መጓጓዣው ነው። ስለ ርችት የሚጠይቅ መንገደኛ አላጋጠመኝም። እኔም አልጠየቅሁም ነበር። ባለመጠየቄም ታላቅ ወንድሜን በገዛ ቤቱ ችግር ላይ ልጥለው ምንም አልቀረኝም። ዛሬ የማወጋችሁ ይህንኑ ነው።

ጊዜው ሰኔ 2015 (እ.ኤ.አ. 2023) ነው። ከእናቴ ጋር ከደሴ ተነስተን በሜሪላንድ ግዛት ሲልቨር ስፕሪንግ ወደሚኖረው ወንድሜ ዘንድ ሄድን። የዐረፋ በዓል ሰኔ 21 ውሎ ስለነበር ዒድን ከልጆቹ ጋር ለማሳለፍ አላህ ወፈቀን፤ አልሐምዱሊላህ። ከዋሽንግተን ከተማ ተነስቶ ሲልቨር ስፕሪንግን አቋርጦ በሚያልፈው በጆርጂያ ጎዳና ላይ የሄደ ሰው አገሩን ብዙም አይናፍቅም። በአማርኛ የተጻፉ የሱቅ ማስታወቂያዎች፣ የእንጀራ መሸጫዎች፣ የቡና ሽታ ያገኛል። በዚያው ጎዳና ላይ ሐበሾች ያቋቋሙት፣ ስሙንም ሰሐቦች ወደ አገራችን ካደረጉት የመጀመሪያ ሒጅራ የወሰደ መስጊድ አለ። ጁሙዓን እዚያ ሰገድን።

የርችቱ ድንኳን

ዒድ ካለፈ ከጥቂት ቀናት በኋላ አሜሪካኖች የነፃነታቸውን ቀን ያከብራሉ፤ ጁላይ 4 ነው። በዚያ ዓመት ሰኔ 27 ላይ ዋለ። ርችት የዚህ በዓል ጥንታዊ ልማድ ነው። ኋላ ሁለተኛው ፕሬዚዳንት የሆኑት ጆን አዳምስ ገና በ1776 ለባለቤታቸው በጻፉት ደብዳቤ ቀኑ ወደፊት በመብራትና በደስታ እንደሚከበር ተናግረው ነበር። በዓመቱም በ1777 ፊላደልፊያ ውስጥ ርችት ተተኮሰ። ከዚያ ወዲህ ርችት የሌለበት ጁላይ 4 ለብዙዎቹ በዓል አይመስላቸውም።

በዓሉ ሁለት ቀን ሲቀረው ከወንድሜ የአሥራ ሦስት ዓመት ልጅ ጋር ሆነን በአንድ ዘመድ መኪና ወደ ቨርጂንያ ተሻገርን። ፌርፋክስ ካውንቲ ውስጥ፣ በአንድ የገበያ ማዕከል የመኪና ማቆሚያ ሜዳ ላይ ትልቅ ድንኳን ተተክሏል። ውስጡ በቀለማት ባሸበረቁ የርችት ሳጥኖች ተሞልቷል። ልጁ ዓይኑ በራ። እኔም «የዒድ ስጦታህን ገና አልሰጠሁህም» አልኩትና ሻጩን «ይህ በሕግ የተፈቀደ ነው ወይ?» ስል ጠየቅሁት። «አዎን፣ የተፈቀደ ነው» አለኝ። ሰውየው አልዋሸኝም። በእጅ ተይዞ ከዋክብት እየረጨ የሚነደውን ሽቦና መሬት ላይ ተቀምጦ እንደ ምንጭ ብልጭታ የሚያፈልቀውን የያዘ አንድ ሳጥን ገዛሁለት። ጥፋቱ የጥያቄዬ ነበር። «ይፈቀዳል ወይ?» አልኩ እንጂ «የት?» አላልኩም።

አንድ ሳጥን፣ አምስት ሕግ

አንባቢ ሆይ! በእኛ ዘንድ ሕግ ሲባል ለአገር ሁሉ አንድ ይመስለናል። በአሜሪካ ግን ርችትን በተመለከተ የማዕከላዊው መንግሥት ሕግ መነሻ ብቻ ነው። በ1966 በወጣ ሕግ እጅ የሚቆርጡትን ትልልቅ ፈንጂዎች ለሕዝብ እንዳይሸጡ አገደ። ተኩስ የሚያሰማው ትንሹ ርችትም ከ50 ሚሊ ግራም በላይ ባሩድ እንዳይዝ ተወሰነ። ከዚያ በኋላ ያለውን እያንዳንዱ ግዛት፣ ከግዛቱም በታች እያንዳንዱ ካውንቲና ከተማ እንደሚበጀው ይደነግጋል። ማሳቹሴትስ የተባለው ግዛት ለምሳሌ ተራ ሰው ማንኛውንም ዓይነት ርችት እንዳይተኩስ ከልክሏል።

እኛም ሳጥኑን መኪና ውስጥ አድርገን የሄድንበት መንገድ የዚህ ማሳያ ሆነ። ፌርፋክስ ውስጥ ዕቃው የተፈቀደ ነው። የቨርጂንያ ሕግ የማይፈነዳውንና ወደ ሰማይ የማይወነጨፈውን ርችት በግል ይዞታ ላይ፣ በባለቤቱ ፈቃድ እንዲበራ ይፈቅዳል። የተከለከለውን ዓይነት ይዞ የተገኘ ግን እስከ 2,500 ዶላር መቀጮና እስከ አሥራ ሁለት ወር እስራት ሊፈረድበት ይችላል። ከዚያ ምሳ ወደ ጋበዘን ዘመዳችን ቤት ወደ አሌክሳንድሪያ ከተማ ገባን። እሷም ቨርጂንያ ውስጥ ናት፤ በከተማዋ ግን ማንኛውም ርችት ክልክል ነው።

ከምሳ በኋላ በዉድሮው ዊልሰን ድልድይ የፖቶማክን ወንዝ ተሻገርን። ይህ ድልድይ ከቨርጂንያ ወደ ሜሪላንድ ሲያሻግር የዋሽንግተን ዲሲን ጫፍ ነክቶ ያልፋል። በዲሲ ሕግ ከ20 ኢንች የማይበልጠው የእጅ ሽቦ የተፈቀደ ነው። የሚፈነዳው፣ ከተቀመጠበት የሚንቀሳቀሰውና ብልጭታው ከ12 ጫማ በላይ የሚወጣው ግን አይፈቀድም። ከድልድዩ ስንወርድ የፕሪንስ ጆርጅስ ካውንቲ ተቀበለን፤ እዚያ ሁሉም ክልክል ነው። ቀጥሎ ወንድሜ የሚኖርበት የሞንትጎመሪ ካውንቲ አለ፤ እዚያም ሁሉም ክልክል ነው። እኛ ግን ከልጁ ጋር እየተሳሳቅን አለፍን። በመንገዱ ላይ ሕጉ እዚህ ይለወጣል የሚል ምልክት አላየሁም።

«እዚያ ሐላል፣ እዚህ ሐራም?»

ወንድሜ ሳጥኑን ባየ ጊዜ ፊቱ ተለወጠ። «ይህን ማን አስገባው?» አለ። «እኔ ነኝ፣ ወንድም ጋሼ» አልኩት። ተቀምጦ በዝግታ አስረዳኝ። በሞንትጎመሪ ካውንቲ ርችት መተኮስ ብቻ ሳይሆን መሸጥም ይዞ መገኘትም ክልክል ነው። ሕፃናት የሚይዙት ሽቦ እንኳ አይቀርለትም። ቅጣቱ እስከ 1,000 ዶላር መቀጮና እስከ ስድስት ወር እስራት ሊደርስ ይችላል። የሚፈቀደው ባለሙያዎች ፈቃድ አውጥተው ለሕዝብ የሚያሳዩት ትርዒት ብቻ ነው።

«እኔ ታክሲ ነጂ ነኝ» አለኝ። «የዜግነት ማመልከቻዬን በቅርቡ አስገባለሁ። ቅጹ ተይዘህ፣ ታስረህ ወይም ተከሰህ ታውቃለህ ወይ ብሎ ይጠይቃል። ከዚህ በኋላ በአንድ የሕፃን መጫወቻ ምክንያት አዎን ብዬ ልጻፍ?»

እኔ አንገቴን ደፋሁ። ልጁ ግን አልተዋጠለትም። «አጎቴ፣ ዛሬ ጠዋት የተፈቀደ ነበር። እዚያ ሐላል፣ እዚህ ሐራም ይሆናል እንዴ?» ሲል ጠየቀኝ።

መምህር ነኝና ልጅ ሲጠይቀኝ ደስ ይለኛል፤ ይህ ግን አሳሰበኝ። እንዲህ አልኩት፦ «ሐላልና ሐራምን የሚደነግገው አላህ ነው፤ በካውንቲ ድንበር አይለወጥም። ይህ የሰዎች የአብሮ መኖር ደንብ ነው። አባትህ መኪናውን በትምህርት ቤት አጠገብ ሲነዳ ለምን ዝግ ይላል? መንገዱ ተቀይሮ አይደለም፤ በአጠገቡ የሚያልፉት ሰዎች ስለተቀየሩ ነው። በሰው አገር የመኖሪያ ፈቃድ ስንቀበል ደግሞ ደንባቸውን ልናከብር ቃል ገብተናል። ሙስሊም ቃሉን ይጠብቃል።»

ለምን እንደተከለከለም ነገርኩት። ያ ሕፃናት የሚጫወቱበት ሽቦ ሲነድ ሙቀቱ ወደ 1,100 ዲግሪ ሴንቲ ግሬድ ይጠጋል። ውኃ የሚፈላው በ100 ዲግሪ መሆኑን በትምህርት ቤት ተምሮታል። በዚያው በ2023 ዓመት በመላው አሜሪካ በርችት ምክንያት 8 ሰዎች ሲሞቱ ወደ 9,700 የሚገመቱ ሰዎች ቆስለዋል፤ ይህንን ያወጣው የአገሪቱ የሸማቾች ዕቃ ደኅንነት ኮሚሽን ነው። የወንድሜ ሰፈር ቤቶች ደግሞ ግድግዳ ለግድግዳ የተያያዙ፣ አብዛኛው ሥራቸውም እንጨት ነው። የአንዱ ጣራ ቢያዝ ለጎረቤትም ይተርፋል።

ልጁ ሰማኝ፤ ግን አላመነም። ሳጥኑን ይዞ ወደ ክፍሉ ገባ።

እናቴ ከጠረጴዛው ሥር

በማግሥቱ ማታ፣ የበዓሉ ዋዜማ ነው፣ ዒሻን ሰግደን እንደተቀመጥን ከጀርባ ካለው ሰፈር አንድ ሰው ሕጉን ጥሶ መተኮስ ጀመረ። በመጀመሪያ አንድ ከባድ ፍንዳታ፣ ከዚያ ተከታታይ ተኩስ የሚመስል ድምፅ መጣ። መስኮቱ ተንቀጠቀጠ። እኛ ምንነቱን አውቀን ነበርና ዝም አልን። እናቴ ግን አጠገቧ የነበረችውን የአራት ዓመት የልጅ ልጇን ቀምታ ከምግብ ጠረጴዛው ሥር ገባች። በሰውነቷ ሸፍናት «ያ አላህ! ያ አላህ! ከመስኮቱ ራቁ ልጆቼ!» ትላለች።

ወገኖቼ፣ እናቴ በ2014 መጀመሪያ ጦርነቱ ደሴ በገባ ጊዜ እዚያው ነበረች። ያን ጊዜም የጎረቤት ልጆችን ሰብስባ ከአልጋ ሥር አሳድራለች። ከተማው ከተረጋጋ በኋላ ስለዚያ ሌሊት ብዙም አታነሳም ነበር። እኛም የረሳችው መስሎን ነበር።

ወንድሜና እኔ ጎንበስ ብለን «እማዬ፣ ርችት ነው፤ የበዓል ርችት ነው» ብንላትም ወዲያው አልወጣችም። ስትወጣም እጇ ይንቀጠቀጥ ነበር። ትንሿ ልጅ ታለቅሳለች። ትልቁ ልጅ በሩ ላይ ቆሞ ይህን ሁሉ አየ። አንዲት ቃል ሳይናገር ወደ ክፍሉ ገብቶ ሳጥኑን ይዞ ወጣና አባቱ እግር ሥር አስቀመጠው። ከዚያ አያቱ አጠገብ ተቀምጦ እጇን ያዘ። «እማማ፣ የእኔ እንዲህ አይጮኽም ነበር» አላት። እሷም «አውቃለሁ ልጄ፣ አንተ እኔን አታስደነግጠኝም» አለችው።

እኔ በቁጥርና በሕግ ያላስረዳሁትን ነገር አላህ በአንድ ሌሊት አስረዳው። ለእኔም ትምህርት ሆነኝ። በዚያ ሰፈር እንደ እናቴ ከጦርነት ወጥተው የመጡ፣ ወይም ራሳቸው ወታደር የነበሩ ስንት ጎረቤቶች ይኖሩ ይሆን?

ባልዲው

ያኑ ሌሊት ባልዲ ውኃ ሞልተን ርችቱን ሁሉ ነከርነው። ሲያድር ባሩዱ ሟሙቶ ውኃው ጠቆረ። ጠዋት በፕላስቲክ ጠቅልለን ከቆሻሻ ጋር ጣልነው። ይህ የእሳት አደጋ ሠራተኞችም የሚመክሩት አወጋገድ ነው፤ ደረቁን መጣል ለቆሻሻ ሰብሳቢው አደጋ ነውና። ልጁ አንድ በአንድ ሲነክረው እያየሁ የከፈልኩት 35 ዶላር አላሳዘነኝም።

በበዓሉ ዕለት እናቴ ከምራቷ ጋር ቤት ቀረች፤ መስኮቱን ዘግተው ቁርኣን በቴፕ ከፈቱ። እኛ ልጆቹን ይዘን ከፖቶማክ ማዶ ወዳለ መናፈሻ ሄድን። መግሪብን እዚያው ሣሩ ላይ ሰገድን። ከምሽቱ ሦስት ሰዓት እንዳለፈ የመንግሥቱ ትርዒት ተጀመረ። ሰማዩ ቀይ፣ አረንጓዴ፣ ወርቃማ ሆነ፤ ወንዙም ደግሞ አሳየው። ያማረ ነበር። ለትንሿ ልጅ ሲታጠፍ የሚበራ የፕላስቲክ ዱላ ገዝተንላት ነበር። እሳት የለበትም፣ ድምፅም የለበትም፤ እሷ ከሰማዩ ይልቅ እሱን ወደደችው።

ለወላጆችና ለወጣቶች

ውድ ወላጆች! ይህ ጉዳይ የአሜሪካ ብቻ አይደለም። በባሕረ ሰላጤው አገሮች የሚኖሩ ብዙ ወንድሞችና እህቶች አሉን፤ እዚያ ደግሞ ርችት የሚገዛው ለዒድ ነው። በተባበሩት ዓረብ ኤምሬቶች በ2019 የወጣው ሕግ ያለ ፈቃድ ርችት የሚነግድን፣ የሚያስገባን ወይም የሚሠራን ሰው ቢያንስ አንድ ዓመት እስራት ወይም ከ100,000 ድርሃም የማያንስ መቀጮ፣ ወይም ሁለቱንም ሊያስቀጣው ይችላል። ለጎረቤት ልጆች ጥቂት አስመጥቼ ልሽጥ የሚል ወጣት ይህን አስቀድሞ ይወቅ።

ስለዚህ ልጅዎ ርችት ሲጠይቅዎ ሻጩን ብቻ አይጠይቁ። ሻጩ የሚያውቀው የድንኳኑን ሕግ ነው። የሚበራበትን ቦታ ሕግ የሚነግርዎ የዚያ ካውንቲ ወይም ከተማ የእሳት አደጋ መከላከያ ነው። እንግዳ ሆነው ከሄዱ ደግሞ ባለቤቱን ያስፈቅዱ፤ ስጦታዎ በእሱ ስም ክስ ሊሆን ይችላልና። ሕጉ ቢፈቅድም ከግድግዳው ማዶ የሚኖረውን ሰው ያስቡ። የጎረቤት ሐቅ በዲናችን ከባድ ነው፤ ፖሊስ የማያየውን ድንጋጤም አላህ ያየዋል።

እናቴ ወደ ደሴ ስንመለስ አውሮፕላን ውስጥ «ያ ልጅ ርችቱን ለእኔ ብሎ ጣለው አይደል?» አለችኝ። «አዎን እማዬ» አልኳት። «አላህ ያሳድገው» አለችና ዓይኗን ጨፈነች።

ወሰላሙ ዐለይኩም ወራሕመቱላሂ ወበረካቱህ።