ዓይን ተጨፍኖ የሚሣል ካርታ

ከአዲስ አበባ ወደ ባሕር ዳር 390 ኪሎ ሜትር ገደማ እንደተጓዙ ፍኖተ ሰላምን ያገኟታል፤ ስሟ በግዕዝ «የሰላም መንገድ» ማለት ነው። እዚያ ካደሩ እሑድ ማለዳ ለልጅዎ ወረቀትና እርሳስ ይስጡት፤ ከዚያም ዓይናችሁን ጨፍናችሁ አብራችሁ አዳምጡ። የቤተ ክርስቲያን ደወል በተሰማበት በኩል ተራራ ይሣል፤ ባጃጅ ባለፈበት ወንዝ፣ ዶሮ በጮኸበት መንደር። የሚሥለው ከተማዋን ሳይሆን የሕልሙን አገር ነው።

ቡሬ ሲደርሱ ግን ጆሮ ብቻውን አይበቃም። የበርበሬ አገር ናትና፣ ሙቀጫ ሲወቀጥ ካገኙ ልጅዎ መዳፉን መሬት ላይ ያሳርፍ። ዘነዘናው በወረደ ቁጥር ምድሩ ሲንቀጠቀጥ ይሰማዋል። ካርታው ላይ «ልቧ የሚመታ ምድር» ብሎ ይጻፍላት።

ነገሩ አዲስ ጨዋታ ቢመስልም አይደለም። በገጠር እናት ልጇን አዝላ ስትወቅጥና ስታንጎራጉር፣ ሕፃኑ ዓለምን መጀመሪያ የሚያውቃት በጀርባዋ ንዝረት ነው። ዛሬ ብዙው በርበሬ ወፍጮ ቤት ይፈጫል።

ስለዚህ ሲመለሱ ካርታውን ለአያት ያሳዩ። እርሳቸው በልጅነታቸው የሰሙትን፣ አሁን ግን የማይሰማውን አንድ ድምፅ ይጨምሩበት። ቦታውን ልጁ ይፈልግለታል።