ደጀን

በአገራችን ስለ እግር ኳስ የሚነገረው ወሬ አብዛኛውን ጊዜ ግብ ስላገባው ሰው ነው። ግቡ እንዳይገባ ስላደረገው ሰው የሚነገረው ግን እጅግ ጥቂት ነው። እኔ ለብዙ ዘመን በተከላካይነት ተጫውቼ ኋላም በኮሌጅ ውስጥ አሠልጣኝ የሆንሁ ሰው ስለ ሆንሁ፣ ይህ ዝምታ ከምን እንደ መጣ አንዳንድ ጊዜ ሳስብ እገኛለሁ።

ለምሳሌ ያህል ጥር 13 ቀን 1954 ዓ.ም. አዲስ አበባ ላይ የተደረገውን ጨዋታ እንመልከት። ዕለቱ እሑድ፣ የቃና ዘገሊላ ማግሥት ነበረ። ለሦስተኛው የአፍሪካ ዋንጫ ኢትዮጵያና ግብፅ ተጋጠሙ፤ ግብፆች ሁለት ጊዜ ቢመሩም የእኛዎቹ ሁለት ጊዜ አስተካከሉ፤ በተጨማሪው ሰዓት ኢታሎ ቫሳሎና መንግሥቱ ወርቁ አግብተው ጨዋታው 4 ለ 2 ተፈጸመ። ይህን የማያውቅ የኳስ ወዳጅ የለም። ነገር ግን በኋላ መሥመር የቆሙት እነክፍሎም አርአያና አስመላሽ በርሄ መቶ ሃያ ደቂቃ ሙሉ ምን ሲሠሩ እንደ ዋሉ የሚያጫውተኝ ሰው እስከ ዛሬ አላገኘሁም። ግብ ያገባ ስሙና ደቂቃው ይጻፍለታል፤ ላዳነ ሰው ግን የሚጻፍበት መዝገብ አልተበጀም።

በአማርኛችን ለዚህ ሥራ የሚስማማው ቃል «ደጀን» ይመስለኛል። ደጀን ማለት ከጦሩ በስተኋላ ሆኖ የሚጠብቅ፣ ግንባሩ ሲላላ የሚደርስ ኀይል ነው። (የዓባይን በረሃ ወጥቶ ደጀን ከተማ ላይ ትንፋሹን የሰበሰበ ጎጃሜ ይህ ስም ለምን ደስ እንደሚለኝ ይረዳልኛል።)

የተወለድሁት በዱርቤቴ ነው። አገሩ የበቆሎ አገር ስለ ሆነ፣ በክረምት ሜዳችን ጭቃ፣ ዙሪያውም ከሰው ቁመት የሚበልጥ አዝመራ ነበር። የጨርቅ ኳሳችን በቆሎው ውስጥ ከገባች ፈልጎ ማውጣት የኋለኛው ተጫዋች ግዴታ ነበር፤ እኔም ተከላካይነትን የጀመርሁት በዚህ ሹመት ነው። ኋላ ግን ነገሩን ወደድሁት። ከኋላ የቆመ ሰው ሜዳውን ሁሉ ፊት ለፊት ያያል። አጥቂ ጀርባውን ሰጥቶ ኳስ ይጠብቃል፤ ተከላካይ ግን የሁሉንም እግር እያነበበ፣ «ግራህን! ከኋላህ ሰው አለ!» እያለ ሲናገር ይውላል። ዛሬ ስለማሠልጠን የማውቀው አብዛኛው ነገር ከዚያ ጩኸት የተገኘ ነው።

ሕጉም ቢሆን ለተከላካይ አዝኖ አያውቅም። በአውሮፓውያን አቈጣጠር እስከ 1925 ድረስ አንድ አጥቂ ከጨዋታ ውጭ እንዳይባል ከፊቱ ሦስት ባላጋራዎች መኖር ነበረባቸው፤ በዚያ ዓመት ቍጥሩ ወደ ሁለት ወረደና ግብ እንደ ጉድ በዛ። አሠልጣኞችም መኻል ሜዳ ይጫወት የነበረውን ሰው ወደ ኋላ ስበው ሦስተኛ ተከላካይ አደረጉት። በ1992 ደግሞ ተከላካይ በእግሩ ለበረኛው የመለሰውን ኳስ በረኛው በእጁ እንዳይዝ ተከለከለ። የጨነቀው ተከላካይ የሚሸሸግበት የመጨረሻው ጥግ ተዘጋ፤ እንግዲህ በእግሩ የማያስብ ሰው ከኋላ መቆም አልቻለም። ተማሪዎቼ በዚህ ሲያማርሩ እሰማለሁ። እኔ ግን መልካም ሕግ ነው እላለሁ።

በአንድ ክለብ ጥቂት ዓመታት ተጫወትሁ፤ ስሙ ለዚህ ጽሑፍ አያስፈልግም። ውሉ የዓመት ነበር፤ ደመወዙም አንዳንድ ወር ይዘገያል። ጕልበቴ ሲታመም ውሉ አልታደሰም። የስፖርት ትምህርት ተምሬ፣ ከዱርቤቴ በዳንግላ፣ በእንጅባራና በቡሬ አድርጎ ፍኖተ ሰላም በሚያደርሰው በዚያው በምናውቀው መንገድ ተጕዤ በመምህራን ማሠልጠኛ ሥራ ያዝሁ።

ተጫውተው ያሠለጠኑ ታላላቅ ሰዎች አሉን። ይድነቃቸው ተሰማ ከተጫዋችነት ተነሥተው የ1954ቱን ቡድን መሩ፤ ኋላም የአፍሪካ እግር ኳስ ኮንፌዴሬሽን ፕሬዚዳንት ሆኑ። የዚያው ቡድን አምበል ሉቺያኖ ቫሳሎ ብሔራዊ ቡድኑን አሠልጥኗል፤ በደርግ ዘመን አገሩን ለቆ ወደ ኢጣልያ ከሄደ በኋላም ልጆችን ኳስ ሲያስተምር ኖሮ በ2015 ዓ.ም. መስከረም ዐረፈ። የኮሌጅ አሠልጣኝ ሥራ ግን ከእነዚህ ሁሉ ይለያል፤ ቡድኑ በየዓመቱ ይፈርሳልና። መግባባት በጀመሩበት ሰዓት ይመረቃሉ፤ አንዱ ወደ አቸፈር፣ ሌላው ወደ ወምበርማ ይመደባል። በአሜሪካ ይህ ሥራ ትልቅ ሙያ ነው። ብሩስ አሬና በቨርጂንያ ዩኒቨርሲቲ ተማሪዎችን ለብዙ ዓመት ሲያሠለጥን ቈይቶ፣ በአውሮፓውያን 2002 የአገሩን ቡድን ለዓለም ዋንጫ ሩብ ፍጻሜ አብቅቷል። በዚያ አገር ኮሌጆች በትምህርቱ የወደቀ ተማሪ መጫወት አይፈቀድለትም። ይህን ደንብ እኔም ወስጄ እሠራበታለሁ፤ አንዳንድ ጊዜም በዚህ ምክንያት ጨዋታ ተሸንፈናል።

ከጥቂት ዓመታት በፊት አንድ የሦስተኛ ዓመት ተከላካይ ነበረኝ። የገበሬ ልጅ፣ ረጅም፣ ዝምተኛ፤ ሜዳ ሲገባ ግን ድምፁ እስከ አስፋልቱ ይሰማል። በሚያዝያ ወር አንድ ክለብ ለሙከራ ጠራው፤ የመጨረሻው ፈተና ደግሞ በሰኔ ነው። ማታ ቤቴ ድረስ መጥቶ፣

«መምህር፣ እርስዎ ጥሪው ሲመጣልዎ ምን አደረጉ?» አለኝ።

«ሄድሁ» አልሁት።

«ታዲያ እኔን ቅር ይበሉኛል?»

«አልልህም። ውሉ የስንት ዓመት እንደ ሆነ ግን ጠይቅ፤ ብትጐዳ ማን እንደሚያሳክምህም ጠይቅ።»

በማግሥቱ ደውሎ ጠየቀ። ከዚያ አባቱን አማከረ፤ እስከ ሰኔ እንዲጠብቁትም ለመነ። ክለቡ አልጠበቀውም፤ ሌላ ልጅ ወሰደ። እርሱ ተፈትኖ ተመረቀ። ምርጫው የራሱ ነበር፤ ሆኖም ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ የክለቡ ጨዋታ በሬዲዮ ሲተላለፍ እርሱም የሚያዳምጥ ይመስለኛል።

ዛሬ በወምበርማ ገጠር ያስተምራል። ባለፈው ጥቅምት ስልክ ደውሎ፣ ሜዳ ከሕዝቡ ጋር ደልድሎ እንደ ጨረሰ፣ የግቡንም ቋሚ ከባሕር ዛፍ እንዳቆመ ነገረኝ። «ግን መምህር፣ አርባ ልጆች አሉኝ፤ አርባውም አጥቂ ነን ይላሉ። ምን ላድርግ?» አለኝ። በየሳምንቱ አምስት አምስቱን በተራ ከኋላ እንዲያቆማቸውና የኋለኞቹ ብቻ እንዲናገሩ፣ የፊተኞቹ ግን አፋቸውን ዘግተው እንዲጫወቱ መከርሁት። በኅዳር መልሶ ደወለ፤ አሁን ሁሉም ከኋላ ካልቆምን እያሉ አስቸግረውታል።