ወደ ትይዩ ዓለም የሚደወል ስልክ

የተከበራችሁ አባቶችና እናቶች፣ ውድ ወላጆቻችን፣

በዚህ ዓመት በቅርስ ክፍላችን ስለ አንድ የልብ ወለድ ሳይንስ ተወያይተናል። ነገሩ በትይዩ ዓለማት መካከል መልእክት ስለመላላክ ነው። ርዕሱ ለእናንተ እንግዳ ሊሆን ይችላል። ነገር ግን በተወያየንበት ቁጥር ጉዳዩ ወደ እናንተ እየቀረበ ስለመጣ ይህን ጽሑፍ ለእናንተ ጻፍነው።

በ1957 እ.ኤ.አ. ሂዩ ኤቨረት የተባለ አሜሪካዊ የፊዚክስ ተመራማሪ አንድ ሐሳብ አቀረበ። በጣም ጥቃቅን በሆኑ ነገሮች ላይ ልኬት ሲደረግና ሁለት ዓይነት ውጤት ሊገኝ ሲችል ሁለቱም ይሆናሉ፤ እኛ ግን አንዱን ብቻ እናያለን የሚል ነው። ይህን ሐሳብ የሚደግፉ ሊቃውንት ዓለም እንደ መንታ መንገድ ትከፈላለች ይላሉ። ከእነርሱ አንዱ ዴቪድ ዶይች በ1953 የተወለደው እዚሁ ሐይፋ ነው።

ታዲያ ከአንዱ ዓለም ወደ ሌላው መደወል ይቻላል? ዛሬ በሚታወቀው የኳንተም ሕግ አይቻልም። በ1991 ጆሴፍ ፖልቺንስኪ የተባለ ሊቅ ሕጉ በተለየ መንገድ የተጻፈ ቢሆን ኖሮ እንዲህ ያለ ስልክ ሊኖር ይችል እንደነበር በሒሳብ አሳየ፤ «የኤቨረት ስልክ» ብሎም ሰየመው። እንዲህ ያለ ሕግ ግን በሙከራ አልተገኘም። ስለዚህ ስልኩ የሚሠራው በልብ ወለድ ብቻ ነው።

እኛ የወደድነው ታሪክ ቴድ ቺያንግ የተባለ አሜሪካዊ ደራሲ በ2019 ያሳተመው ነው። መሣሪያው «ፕሪዝም» ይባላል። ሲከፈት ዓለም ለሁለት ይከፈላል፤ በአንዱ ቀይ፣ በሌላው ሰማያዊ መብራት ይበራል። ከዚያ በኋላ ልዩነቱ እያደገ ይሄዳል። መጀመሪያ የአየሩ ጠባይ፣ ቆይቶም የሚወለዱት ልጆች ይለያያሉ። ሰዎች በመሣሪያው ሌላውን ራሳቸውን «ያንን መንገድ ብመርጥ ኖሮ ምን እሆን ነበር?» ብለው ይጠይቁታል። አንዳንዱ ይጽናናል፤ አንዳንዱ በራሱ ላይ ይቀናል።

መሣሪያው ሁለት ደንቦች አሉት። አንደኛው፣ የሚያስተላልፈው መልእክት መጠን አለው፤ ካለቀ አይሞላም። ሁለተኛው፣ የሚያገናኘው መሣሪያው በተከፈተበት ቅጽበት ከተለየው ዓለም ጋር ብቻ ነው። ከዚያ በፊት ወደ ተለየ ዓለም አይደርስም።

የመጀመሪያውን ደንብ ስንሰማ አያቶቻችን የሚነግሩን የካሴት ነገር ትዝ አለን። ከእስራኤል ወደ ጎንደር ለቀሩት ዘመዶች በድምፅ የተቀዳ ካሴት በሰው ይላክ ነበር። አንዱ ፊት 30 ደቂቃ ነው፤ ግማሹ በሰላምታ ያልቃል። እኛ ልጆቹ በዚህ እንስቅ ነበር። ነገር ግን ሰላምታው ራሱ ወሬ ነው። ስሙ የተጠራ ሰው በሕይወት አለ ማለት ነው። ስሙ ሳይጠራ የታለፈ ካለ የሚሰማው ሁሉ ይደነግጣል። አያቶቻችን ፊዚክስ ሳይማሩ በጠባብ ቦታ ብዙ መልእክት መላክ ያውቁ ነበር።

ሁለተኛው ደንብ ግን ከባድ ነው። በ1980ዎቹ በእግር ወደ ሱዳን ከተጓዙት ወገኖቻችን 4,000 ያህሉ በመንገድና በመጠለያ አልቀዋል። ዛሬ ፕሪዝም ብንከፍት እነርሱ በደህና ወደ ደረሱበት ዓለም አያገናኘንም። በ1991 በ36 ሰዓት ውስጥ ከ14,000 በላይ ሰዎች ከአዲስ አበባ ሲመጡ አውሮፕላኑ ላይ ያልወጡ ቢሆን ኖሮ ምን ይሆኑ እንደነበርም አይነግረንም። ደግሞም ያን ቀን አንድ ነገር ብቻ ቢለወጥ እኛ ራሳችን አንወለድም ነበር፤ በቦታችን ሌሎች ልጆች ይኖሩ ነበር።

እንግዲህ ያን መንገድ ከሚያውቅ ሰው ወሬ የሚመጣልን በእናንተ በኩል ብቻ ነው። በየዓመቱ በኢየሩሳሌም ቀን በሄርዝል ተራራ የመታሰቢያ ሥርዓት ይደረጋል፤ እኛም እንቆማለን። ነገር ግን የምናስባቸው ሰዎች በምን ይስቁ እንደነበር፣ ማን ማንን አዝሎ እንደሄደ፣ የትኛው ወንዝ አጠገብ እንደተቀበሩ ሐውልቱ አይናገርም።

«ካለመናገር ደጃዝማችነት ይቀራል» ትሉናላችሁ። ስለዚህ እኛም እንናገር። «ለልጅ አይነገርም» ብላችሁ በልባችሁ የያዛችሁትን ንገሩን። አማርኛችን ዕብራይስጥ ቢቀላቀልበትም ቀስ ብላችሁ ብትነግሩን ይገባናል። ስሞቹን አንድ በአንድ ጥሩልን፤ እንደ ካሴቱ ሰላምታ፣ ማንም ሳይታለፍ። እኛም እንጽፈዋለን፤ ከእኛ በኋላ ለሚወለዱትም እናደርሳለን።