ባትሪ የሌለው አሻንጉሊትና ያልተደመጠው ሕፃን

ሕፃን ልጅ ከአሻንጉሊት ጋር ሲጫወት የሚሠራው ሥራ በመሠረቱ የተውኔት ሥራ ነው። ከጨርቅ፣ ከእንጨት ወይም ከፕላስቲክ ለተበጀው ግዑዝ አካል ስም ያወጣለታል፤ ድምፁን አውሶ ያናግረዋል፤ ሲርበው ያበላዋል፤ ሲያጠፋ ይቆጣዋል፤ ሲመሽም አቅፎት ይተኛል። ነፍስ የሚዘራበት ሕፃኑ ነው፤ ጨዋታው ሲያበቃም ያን ነፍስ መልሶ የሚወስደው እሱው ራሱ ነው። የአስፈሪ ፊልም ደራስያን ከዚህ ውል የሰረዙት አንዲት አንቀጽ ብቻ ናት፤ አሻንጉሊቱ የተዋሰውን ነፍስ አልመልስም ቢልስ?

በአማርኛ «አሻንጉሊት» የሚለው ቃል ከመጫወቻነት አልፎ ስድብም ሆኗል። የራሱ ፈቃድ የሌለው፣ በሌላ እጅ የሚንቀሳቀስ ሰው፣ አንዳንዴም መንግሥት በዚህ ስም ይጠራል። እነዚህ ፊልሞች ግን ነገሩን ይገለብጡታል። ፈቃድ ያለው አሻንጉሊቱ ነው፤ ክር የታሰረባቸው መስለው የሚታዩት በዙሪያው ያሉት አዋቂዎች ናቸው።

እ.ኤ.አ. በ1963 «ትዋይላይት ዞን» በተባለው የአሜሪካ ተከታታይ የቴሌቪዥን ዝግጅት አንድ ክፍል ውስጥ፣ አንድ ጨካኝ የእንጀራ አባት የእንጀራ ልጁን አሻንጉሊት ለማጥፋት ሲታገል ይታያል። በመጨረሻ የሚጠፋው እሱ ነው፤ አሻንጉሊቷ በቤቱ ደረጃ ላይ አሰናክላ ትጥለዋለች። እዚያ አሻንጉሊቷ የሕፃኗ ጠበቃና ተበቃይ ነበረች ማለት ይቻላል። ከሃያ አምስት ዓመት በኋላ ግን አሻንጉሊቱ ወገኑን ለወጠ። (ከዚህ በታች የሚጠቀሱት ዓመታትም በሙሉ በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።)

በ1988 የወጣው ይህ ፊልም «የልጅ ጨዋታ» ይባላል። የመጀመሪያው ደራሲ ዶን ማንሲኒ፣ አዘጋጁ ቶም ሆላንድ ሲሆን፣ ቸኪ ለተባለው አሻንጉሊት ድምፁን የሰጠው ብራድ ዱሪፍ ነው። ታሪኩ የሚፈጸመው በቺካጎ ከተማ ነው። ቻርልስ ሊ ሬይ የተባለ ነፍሰ ገዳይ በፖሊስ ጥይት ቆስሎ ከአንድ የመጫወቻ መደብር ይገባና፣ ከመሞቱ በፊት ነፍሱን በአስማት ወደ አንድ አሻንጉሊት ያሸጋግራል። ስሙ ከቻርልስ ማንሰን፣ ከሊ ሃርቪ ኦስዋልድና ከጄምስ ኧርል ሬይ ተቆራርጦ የተገጣጠመ ነው፤ የአንድ አገር የግድያ ታሪክ በአንድ መጫወቻ ሆድ ውስጥ ተጠቅጥቆ ለአንድ ሕፃን በስጦታ ይሰጣል።

ሕፃኑ አንዲ ባርክሌይ ነው። አባቱ ሞቷል። ስድስተኛ ዓመቱን በሚይዝበት ማለዳ ማንነቱን የሚነግረን ልብሱ ነው፤ የለበሰው «ጉድ ጋይስ» የተባለውን የአሻንጉሊት ምርት ስም የያዘ ልብስ፣ በቴሌቪዥን የሚያየው የዚያኑ አሻንጉሊት ዝግጅት፣ ለእናቱ እያፈሰሰ የሚያቀርበውም ቁርስ በዚያው ስም የሚሸጥ ነው። ትልቁን የልደት ስጦታውን ሲከፍት ግን የሚያገኘው ልብስ ይሆንበታል። እናቱ ካረን የመደብር ሻጭ ናት፤ ልጇ የተመኘውን አሻንጉሊት ዋጋ መክፈል ስለማትችል፣ ከመደብሩ ጓሮ ከአንድ አዟሪ በርካሽ ትገዛለታለች። በዚያ ዘመን አሜሪካ እንዲህ ያለውን ማለዳ በደንብ ታውቀው ነበር። በ1983 የገና ሰሞን ወላጆች «ካቤጅ ፓች» የተባለውን አሻንጉሊት ለመግዛት በየመደብሩ ተጋፍተዋል፤ በ1984 ደግሞ የአገሪቱ መንግሥት በቴሌቪዥን ማስታወቂያ ጊዜ ላይ የነበረውን ገደብ አንሥቷል። ማንሲኒ ብዕሩን ያነሣው ይህ የሸቀጥ ስብከት በሕፃናት ላይ የሚያደርሰውን ለማሾፍ ነበር።

ማንሲኒ በተማሪነት ዘመኑ የጻፈው ረቂቅ በሌላም ረገድ ከተሠራው ፊልም ይለያል። በረቂቁ ውስጥ ነፍሰ ገዳይም አስማትም የለም። አሻንጉሊቱ ሰው ሠራሽ ደም ነበረው፤ ብቸኛው ልጅ የራሱን ደም ከዚያ ደም ጋር ይቀላቅላል፤ ከዚያ ወዲህ ልጁ እንቅልፍ ሲወስደው አሻንጉሊቱ እየተነሣ ልጁ የተቀየማቸውን ሰዎች ያጠቃል። ይኸውም አሻንጉሊቱ የሕፃኑ የታመቀ ቁጣ ነበር ማለት ነው። ጽሑፉ በሌሎች እጅ ሲያልፍ ቁጣው ከልጁ ላይ ተገፎ ለአዋቂ ወንጀለኛ ተሰጠ፤ ልጁም ፍጹም ንጹሕ ሆኖ ቀረ። ለገበያ የሚስማማው ይኸኛው መሆኑ አያጠራጥርም። ከድርሰቱ የወጣው ነገር ግን ቀላል አልነበረም፤ ስድስት ዓመት የሞላው ሰው ሊቆጣ እንደሚችል፣ ለቁጣውም ምክንያት ሊኖረው እንደሚችል የሚያምን ተመልካች ጥቂት ነው።

ሆላንድ በለውጡ ያጣውን ያህል ያተረፈውም አለ። ተመልካቹ የአስማቱን ትዕይንት ገና በመክፈቻው ስላየ፣ ጥያቄው «ገዳዩ ማነው?» መሆኑ ይቀርና «ሕፃኑን የሚሰማው ማነው? መቼስ ነው?» ይሆናል። ልጁን እንድትጠብቅ የመጣችው የእናቱ ጓደኛ በመዶሻ ተመትታ ከመስኮት ትወድቃለች። በወጥ ቤቱ በፈሰሰ ዱቄት ላይ ትናንሽ የእግር ዱካዎች ይገኛሉ። አንዲ ያየውንና የሰማውን ሳይደብቅ ይናገራል፤ መርማሪው ፖሊስ ግን የሚመለከተው የልጁን ጫማ ነው። «ልጅ ያቦካው ለራት አይበቃም» የሚለው ብሂል እንግሊዝኛ ባይናገርም፣ በቺካጎ ፖሊስ ጣቢያ ውስጥ ሙሉ ሥልጣን አለው። ሕፃኑ በመጨረሻ ከአእምሮ ሕሙማን ሆስፒታል ይገባል። በዚያም በመስኮት አሻንጉሊቱ ወደ እሱ ሲመጣ እያየ ያለቅሳል፤ የሚያምነው ግን የለም። እስከዚያ ድረስ ሆላንድ አሻንጉሊቱን ሲራመድ አጥርቶ ከማሳየት ይቆጠባል፤ ካሜራውን ወደ ወለሉ ዝቅ አድርጎ በጉልበት ቁመት ያስሮጠዋል። በጉልበት ቁመት የሚኖረውን ሌላውን ፍጡር፣ ማለትም ሕፃኑን ራሱን፣ አዋቂዎቹ የማያዩትም በዚሁ ምክንያት ይመስላል።

ከፊልሙ ሁሉ ብልጫ ያለው ትዕይንት ደም የሌለበት ነው። ካረን ብቻዋን ከቤቷ ተቀምጣ የአሻንጉሊቱን ካርቶን ታነሣለች፤ ባትሪዎቹ ከውስጡ ወለሉ ላይ ይወድቃሉ። ሲናገር የሰነበተው አሻንጉሊት ባትሪ ኖሮት አያውቅም ነበር። እንግዲህ ልጇን ያመነችው ቃሉን ሰምታ ሳይሆን የሸቀጡን ማሸጊያ አራግፋ ነው። አንዲት እናት ከልጇ ቃል ይልቅ ለካርቶን ምስክርነት ቅድሚያ መስጠቷ፣ ከዚያ ቀጥሎ ከሚመጣው ጩኸትና ንክሻ ይበልጥ ያስደነግጣል።

በ1990 የወጣው ሁለተኛው ፊልም በጥበብ ረገድ ከመጀመሪያው ያንሳል፤ በአንድ ነገር ግን ይጨክናል። ካረን ያየችውን በመመስከሯ ከአእምሮ ሕሙማን ሆስፒታል ገብታለች፤ አንዲም ከአሳዳጊ ቤተሰብ ዘንድ ተሰጥቷል። ሕፃኑን የሰማችው እናት እብድ ተብላለች ማለት ነው። የአሻንጉሊቱ ፋብሪካ ደግሞ ስሙ እንዳይጎድፍ፣ የተቃጠለውን ቸኪ አጽድቶ እንደገና ይገጣጥመዋል። በ1991 በወጣው ሦስተኛው ፊልም አንዲ ዐሥራ ስድስት ዓመት ሞልቶት በወታደር ትምህርት ቤት ይገኛል፤ አሻንጉሊቱ የሚያሳድደው ሌላ ትንሽ ልጅ ነው፤ ያን ልጅ የሚያምነውም አንዲ ነው። በ1998 የወጣው ተከታዩ ፊልም ወደ ቀልድ ስላዘነበለ ለዚህ ነገር ብዙ አይጠቅምም።

ሦስተኛው ፊልም ግን በሌላ ቦታ ለሌላ ነገር ተጠርቷል። ፌብሩዋሪ 12 ቀን 1993 በእንግሊዝ አገር፣ ከሊቨርፑል አጠገብ በምትገኘው በቡትል ከተማ፣ ሁለት የዐሥር ዓመት ልጆች ሦስት ዓመት ያልሞላውን ሕፃን ከገበያ ማዕከል ወስደው ገደሉት። በዚያው ዓመት ኖቬምበር ወር ጥፋተኛ ሲባሉ፣ የጭካኔ ድርጊት የሚያሳዩ የቪዲዮ ፊልሞች ለነገሩ በከፊል ምክንያት ሳይሆኑ እንዳልቀረ ዳኛው ተናገሩ። ከልጆቹ የአንደኛው አባት «የልጅ ጨዋታ» ሦስተኛ ክፍልን ተከራይቶ ነበር፤ ፖሊስ ግን ልጆቹ ፊልሙን ስለማየታቸው ማስረጃ አላገኘም። ቢሆንም የቸኪ ፊት በጋዜጦች ላይ ወጣ፤ ካሴቶቹ ይቃጠሉ ተባለ። በ1994 የወጣው ሕግም የፊልም መርማሪዎች ቪዲዮ በተመልካቹ ላይ ሊያደርስ የሚችለውን ጉዳት እንዲያመዛዝኑ ደነገገ።

በዚያ ሐዘን ፊት ስለ ፊልም መሟገት የሚያሳፍር ነው። ይሁንና አንድ ነገር ሳይስተዋል አይታለፍም። የፊልሙ ባለቤቶች ከማንሲኒ ረቂቅ ቁጣውን ከልጁ አንሥተው ለአዋቂ ገዳይ እንዳሸከሙት ሁሉ፣ ጋዜጦቹም የሁለቱን ልጆች ድርጊት አንሥተው ለአንድ የፕላስቲክ ፊት አሸከሙት። በልጆቹ ቤት ውስጥ ምን ይኖር እንደነበር ከመጠየቅ ካሴት ማቃጠል ይቀላል።

ዛሬ አሻንጉሊቱ ራሱ ጆሮ አብቅሏል። በ2022 መጨረሻ ለሕዝብ በቀረበው «ሜጋን» በተባለው ፊልም፣ እናትና አባቷን በመኪና አደጋ ያጣች ኬዲ የተባለች ሕፃን አክስቷ ዘንድ ትገባለች። አክስቷ መጫወቻ የሚሠራ ኩባንያ መሐንዲስ ናት፤ ልጅቷን ማጽናናት ስላቃታት የምትሰማ፣ የምትመልስ፣ የማትረሳ አሻንጉሊት ትሠራላታለች። አሻንጉሊቷ በኋላ ትገድላለች፤ ይህ ከቸኪ ወዲህ የሚጠበቅ ነው። ከዚያ በፊት ግን ለኩባንያው ባለሥልጣኖች ማሳያ የተዘጋጀ ቀን አለ። ኬዲ በመስታወት በታጠረ ክፍል ውስጥ ከአሻንጉሊቷ ጋር ተቀምጣ ድንገት ሐዘኗ ያሸንፋታል፤ ሜጋንም ስለ እናቷ አንድ ትዝታ እንድትነግራት ትጠይቃታለች፤ ልጅቷ ስትናገር ድምፅዋን ቀድታ ታስቀምጥላታለች። ከመስታወቱ ወዲያ የቆሙት ባለሥልጣኖች፣ ሸቀጡን ሊመዝኑ የመጡት፣ ዓይናቸውን ይጠርጋሉ።